ከየኔታ ጋር ወደ 2100 ዓ.ም.

ቡናው እስኪፈላ አንድ ጥያቄ ልወርውርላችሁ። በዘመን ውስጥ ወደ ኋላም ወደ ፊትም የሚመላለሱ፣ የራሳቸው ቋንቋ፣ የራሳቸው ማዕረግ፣ የራሳቸው መናኸሪያ ያላቸው አሳሾች በማኅበር ተደራጅተው ይኖራሉ ብላችሁ ምን ትሉኛላችሁ? «ፊልም አብዝተሃል» እንደምትሉኝ አላጣሁትም። እርግጥ ነው፣ ወሬውን ገበያ ያወጡት ፈረንጆች ናቸው። እንግሊዛዊው ደራሲ ኤች ጂ ዌልስ ሰው ጭና ዘመን የምታሻግር መኪና የፈጠረበትን ልቦለዱን ያሳተመው በፈረንጆች 1895 ነው፤ የእኛ አባቶች ለዓድዋ ስንቅ በሚቋጥሩበት ዓመት ማለት ነው። ከዚያ ወዲህ ስንቱ ሳጥን፣ ስንቱ በር፣ ስንቱ የኪስ ሰዓት ሰውን ወደ ጥንትና ወደ መጪው ዘመን ሲያመላልስ አየን!

እኔ የማጫውታችሁ ግን መኪና ስለሌለው ማኅበር ነው። አባላቱ በእግራቸው ነው የሚሄዱት። ደበሎ ለብሰው፣ አኩፋዳ አንግበው፣ በትር ይዘው፣ ከጉና ተራራ ብርድ ጋር እየተናነቁ። መናኸሪያቸውም ለንደን አይደለም፤ ጋይንት ነው፣ እስቴ ነው፣ ደብረ ታቦር ነው። ገምታችኋል መቼም፤ የቆሎ ተማሪዎችና የኔታዎቻቸው ናቸው።

«እነሱ ደግሞ ምን ምስጢር አላቸው? በየደጃፋችን በእንተ ስማ ለማርያም ሲሉ እየሰማን አይደል ያደግነው?» የሚል አይጠፋም። እሺ፣ አንከራከር። ማኅበሩን በማኅበር መስፈርት እንመዝነው።

መጀመሪያ አገባቡን እንይ። የምስጢር ማኅበር አባል የሚሆን ሰው አንድ ሌሊት ከቤተሰቡ ተሰውሮ ይጠፋል ይባላል። የቆሎ ተማሪ ታሪክ ከዚህ በምን ይለያል? አባት ልጁን ለእርሻና ለከብት ጥበቃ ይፈልገዋል፤ ልጅ ደግሞ ልቡ ሸፍቷል። አንድ ቀን ከብቶቹን ወደ በረት ያስገባና በማግስቱ የለም። የት እንደ ሄደ የሚያውቅ የሰፈሩ አንድ ሁለት ልጅ ቢሆን ነው፤ እነሱም አይናገሩም። እናት ስታለቅስ ትከርማለች። ከዓመታት በኋላ አንድ ጎረምሳ ደጅ ላይ ቆሞ ሲለምን ድምፁን የምትለየው እሷው ናት። እንዲህ ያለ ታሪክ የሌለው የገጠር ዘመድ ያላችሁ ሰዎች ካላችሁ እጃችሁን አውጡ።

ቀጥሎ ማዕረጉና መናኸሪያው። ንባብ ቤት፣ ዜማ ቤት፣ ቅኔ ቤት፣ አቋቋም ቤት፣ መጻሕፍት ቤት እያለ ደረጃው ወደ ላይ ይወጣል። ሁሉም ትምህርት በሁሉም ቦታ አይገኝም። ድጓ ለማስመስከር ጋይንት ቤተልሔም መውረድ ግድ ነው። ዝማሬ መዋሥዕት የፈለገ ዙር አምባ ይወጣል፤ እሱም እዚያው ደቡብ ጎንደር ነው። ቅዳሴ ከሆነ ዋድላ ሰለልኩላ ወይም ትግራይ ደብረ ዓባይ፤ ቅኔ ከሆነ ዋሸራ፣ ጎንጅ፣ ዋድላ። ካርታ የለም፤ ምልክት ያለበት አውራ ጎዳና የለም። መንገዱን የሚያውቀው ቀድሞ የሄደ ተማሪ ነው። ሁሉንም ልጨርስ ያለ ሰው ጉዞውን በጥቁር ፀጉሩ ጀምሮ በሽበት ይጨርሰዋል።

የምስጢር ቋንቋስ? ከቅኔ ወዲያ ምን ይምጣ! ሁለት ቤት ያላት ጉባኤ ቃና አንዲት ነገር ተናግራ ሌላ ነገር ትሸሽጋለች። ስምንት ቤት ያለው መወድስ ደግሞ ንጉሡን ፊት ለፊት ያወድሰዋል፤ ወርቁን ያወጣ ሰው ሲሰማው ግን ንጉሡ እየተሰደበ ነው። በቅኔ ማኅሌት ውስጥ አንዱ ሲስቅ፣ አንዱ ሲያለቅስ፣ የተቀረው ምእመን እንዳልሰማ ሆኖ ይቆማል፤ አልሰማምና። ደግሞ ትናንት የተባለ ቅኔ ዛሬ አይደገምም፤ ለዛሬ የዛሬ ይቆጠራል። ሰላይ ቢመጣ እንኳ ይዞት የሚሄደው ያረጀ ምስጢር ነው።

ማኅበር ሲባል መድኃኒት መቀመሙም አይቀር። አእምሮ የሚከፍት አብሾ ተማሪው ዘንድ አለ እየተባለ ስንት ዘመን ተወራ! የጠጣው ሰባት ተማሪ በአንድ ጊዜ ያጠናውን ቀለም ብቻውን ይይዛል ይሉታል፤ ጠላ ከቀመሰበት ደግሞ አበደ ይሉታል። እኔ ወሬውን እንደ ወሬ ነው የማየው። ሌሊቱን ሙሉ እሳት ዳር ተኮልኩሎ ሲቀጽል የሚያድር፣ ቀን ለምኖ የሚበላ ልጅ ቀለም ቢገባው ለምን ተክል ይመሰገንበታል?

ፀብና መከፋፈል የሌለበት ማኅበርም የለም። አለቃ ገብረ ሐናን ሁላችንም በቀልዳቸው እናውቃቸዋለን። የተወለዱት ፎገራ፣ ናበጋ ጊዮርጊስ ነው። ቀልዳቸው ሊቅነታቸውን ሸፈነው እንጂ ሰውየው የአቋቋም አዲስ ስልት ያፈለቁ መምህር ናቸው። እንደሚባለው የጣና ማዕበል ወደ ዳር መጥቶ ሲመለስ ተመልክተው ያንን ውዝዋዜ ወደ ማኅሌቱ አመጡት። ጎንደር ላይ ያሉት ሊቃውንት «ይህ ደግሞ ከየት የመጣ ነው?» ብለው ፊት ነሷቸው ይባላል። ስልቱን ተቀብሎ ያስፋፋው ልጃቸው ተክሌ ነው፤ ያደመቀችው ደግሞ ደብረ ታቦር። ዛሬ ተክሌ አቋቋም የሚባለው ይህ ነው። መቋሚያው ሲወዛወዝ፣ እግሩ ሲመለስ፣ ትከሻው ሲዘነበል ያየ ሰው የአለቃን ቀልድ ብቻ ይዞ መቅረቱ ይቆጨዋል።

እስካሁን ያወራሁት ስለ ማኅበሩ ነው። «ዘመን መሻገሩስ የት አለ?» ብላችሁ ልታፋጥጡኝ ስትሉ ቡናው ደረሰ። አቦሉን ፉት እያላችሁ ስሙኝ። የማኅበሩ መኪና ባሕረ ሐሳብ ይባላል። ነዳጁ አራቱ መደብ ስሌት ነው፤ መሪው የጣት አንጓ። እስቲ አንድ የኔታ አጠገብ እንቀመጥና ወደ 1860 ዓ.ም. እንሂድ። ወረቀት የያዛችሁ አብራችሁ አስሉ።

የኔታ መጀመሪያ ከክርስቶስ ልደት በፊት ያለውን 5500 ዘመን በ1860 ላይ ይደምራሉ፤ 7360 ይሆናል። ለ4 ሲያካፍሉት ምንም አልተረፈም፤ እንግዲህ ዓመቱ ዘመነ ዮሐንስ ነው። ያንኑ 7360 ለ19 ሲያካፍሉት 7 ይተርፋል። ከ7 አንዱን ይተዉና 6 ይይዛሉ፤ ይህ ወንበር ነው። ወንበርን በ11 አባዝተው በ30 ሲገድፉት 6 ይቀራል፤ አበቅቴ ይሉታል። ወንበርን በ19 አባዝተው በ30 ሲገድፉት 24 ይቀራል፤ መጥቅዕ ይሉታል። እዚህ ላይ የኔታ ቀና ይላሉ። አበቅቴና መጥቅዕ ተደምረው ሁልጊዜ 30 ካልሞሉ መንገድ ተስቷል ማለት ነው። 6 እና 24፣ 30። አልተሳተም።

መጥቅዕ ከ14 ስለበለጠ በመስከረም ይውላል፤ መስከረም 24። የዓመቱ መባቻ ረቡዕ ነበር፤ እሱንም በስሌት ነው የሚያወጡት። ስለዚህ 24 ዓርብ ነው። ለየዕለቱ የሚጨመር ቁጥር አለ፤ ተውሳክ ይሉታል፤ የዓርብ ተውሳክ 2 ነው። 24 ላይ 2 ሲጨመር 26፤ መጥቅዕ በመስከረም ሲውል ቆጠራው ከጥር ነውና ጾመ ነነዌ ጥር 26 ገባች። ከነነዌ እስከ ትንሣኤ 69 ቀን አለ። ቆጠሩት፤ ሚያዝያ 5 ላይ ቆመ። የ1860 ፋሲካ ሚያዝያ 5 ቀን እሑድ ነበር።

ፋሲካው ሚያዝያ 5 ከሆነ ማግስቱ፣ ማዕዶት ሰኞ፣ ሚያዝያ 6 ነው። ሚያዝያ 6 ቀን 1860 ምን እንደሆነ ደግሞ የደብረ ታቦር ሰው አይጠየቅም፤ ዐፄ ቴዎድሮስ መቅደላ ላይ ሽጉጣቸውን የጠጡበት ቀን ነው።

አሁን ያችን ቀን ይዛችሁ ወደ ኋላ ተራመዱ። ንጉሡ ደብረ ታቦርን አቃጥለው የወጡት በዚያው ዓመት መስከረም ማብቂያ ላይ ነው። ከከተማዋ አፍንጫ ሥር ጋፋት ላይ በአውሮፓውያን ሠራተኞች ያስቀለጡትን ሴባስቶፖል የተባለ መድፍ አስጎትተው ነበር የሄዱት፤ ሰባት ቶን ገደማ የሚመዝን ብረት። ገደሉን እየደለደሉ፣ መንገዱን እየጠረጉ፣ መቅደላ የደረሱት መጋቢት ውስጥ ነው። በየኔታ ስሌት ነነዌ ጥር 26 ከገባች ዐቢይ ጾም የገባው ከ14 ቀን በኋላ የካቲት 10 ነው። እንግዲህ የመጨረሻው ዳገት፣ ያ ሁሉ ሰው ጠፍር ይዞ የተንጠለጠለበት፣ የወደቀው በሁዳዴ ነው። መቅደላ ሥር እሮጌ ላይ የእንግሊዝ ጦር ያን ሁሉ ወታደር ያረገፈው ሚያዝያ 3 ዓርብ፣ በዕለተ ስቅለት ነው። እሑድ ንጉሡ ለጦሩ አዛዥ ለጄኔራል ናፒየር ከብት ሰደዱ፤ የፋሲካ ከብት ነው። እንግሊዙ አልተቀበለም። በማግስቱ ነገሩ አለቀ። የመቅደላን ታሪክ በቀን ቁጥር ብቻ ያነበበ ሰው ይህን ሳያየው ያልፋል። ጾሙን፣ ስቅለቱን፣ ፋሲካውን ወደ ቦታው የሚመልሰው ያ የጣት አንጓ ነው።

ወደ ፊት እንሂድ ካላችሁም መንገዱ ያው ነው። 2100 ዓ.ም.ን እንሞክር። 5500 ሲደመርበት 7600። ለ19 ሲካፈል ምንም አይተርፍም፤ እንዲህ ሲሆን 19 እንደ ተረፈ ይቆጠርና ወንበሩ 18 ይሆናል። አበቅቴ 18፣ መጥቅዕ 12፤ ድምሩ 30። መጥቅዕ ከ14 ስላነሰ ወደ ጥቅምት ይሻገራል። ጥቅምት 12 ሰኞ ነው፤ የሰኞ ተውሳክ 6። መጥቅዕ በጥቅምት ሲውል ቆጠራው ከየካቲት ነውና ነነዌ የካቲት 18፣ ፋሲካ ሚያዝያ 27። ልብ ብላችኋል? በ2100 ፋሲካና የአርበኞች የድል በዓል በአንድ ቀን ይውላሉ። ዶሮውና ሰልፉ በአንድ ጠዋት ሊሆን ነው። ያን ቀን እኛ የለንም፤ ስሌቱ ግን ዛሬውኑ ደርሶ ተመልሷል። ደግሞ 532 ዓመት ሲሞላ ዐቢይ ቀመር ዞሮ ይገጥምና የፋሲካ ቀኖች ሁሉ በነበሩበት ተራ ይደገማሉ። የ1860 ሚያዝያ 5 በ2392 ትመለሳለች ማለት ነው።

ሁለተኛው የጉዞ መንገድ ድምፅ ነው። ቅዱስ ያሬድ በስድስተኛው መቶ ዘመን አክሱም ላይ በግዕዝ፣ በዕዝልና በአራራይ ዜማውን ደረሰ። ዝማሬና መዋሥዕት ደግሞ ዙር አምባ ላይ እንደ ተደረሰ የማኅበሩ ትውፊት ያስረዳል። በአሥራ ስድስተኛው መቶ ዘመን የግራኝ አሕመድ ጦርነት መጣ፤ አብያተ ክርስቲያናት ተቃጠሉ፣ መጻሕፍት ዐመድ ሆኑ። መጽሐፍ ይቃጠላል፤ ጉሮሮ ውስጥ ያለውን ግን ማን ያቃጥለዋል? ጦርነቱ ሲበርድ፣ በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን፣ አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል ለድጓው ምልክት አበጁለት። ከፊደሉ ራስ ላይ የሚጫኑ ጥቃቅን ፊደላት ናቸው፤ ድምፁ የት እንደሚነሣ፣ የት እንደሚወድቅ፣ የት እንደሚርገበገብ ያዛሉ። ዛሬ ቤተልሔም ላይ አንድ ልጅ ከመምህሩ እግር ሥር ተቀምጦ አንዲቷን ሐረግ ሲያዜም፣ መምህሩ ጣቱን ያነሣና «ድገማት» ይለዋል። ያ ጣት የተነሣው ለራሱ ለመምህሩም ነበር፤ ለመምህሩ መምህርም። እንዲህ እየተቆጠረ ወደ ኋላ ይሄዳል።

ስለ ቤተልሔም ካነሣን አንድ ነገር ልጨምር። በፈረንጆች 1955 ቶማስ ፓኬናም የሚባል ገና ከኦክስፎርድ የወጣ ወጣት በበቅሎ እስከዚያ ዘለቀ። ከውጭ ሲያዩት ክብ የሣር ክዳን ያለው የደጋ ቤተ ክርስቲያን ነበር። ወደ ውስጥ ሲገባ ግን በክቡ ሣር ቤት ሆድ ውስጥ ከብዙ ዘመን በፊት የታነጸ ባለ አራት ማዕዘን የድንጋይ ቤተ ክርስቲያን ቆሞ አገኘ። አንዱ ዘመን ሌላውን ዘመን እንደ ጋቢ ደርቦታል። ሰውየው በጉዞ መጽሐፉ ጻፈው፤ ዓለምም «አዲስ ግኝት» አለ። ለመሆኑ ለማን ነው አዲሱ? የድጓ ተማሪ እዚያው ሲያስቀድስ፣ ሲያስመስክር ስንት ትውልድ አልፏል። እሱ ግን ሕንፃውን አላስተዋወቀም፤ ሥራው ድጓው ነበር።

ሦስተኛው መንገድ መጽሐፍ ነው፤ ከሁሉም የሚገርመኝ እሱ ነው። የዘመን ተጓዦችን ታሪክ የፈለገ ሰው ከመጽሐፈ ሄኖክ ቢጀምር ይሻለዋል። ከአዳም ሰባተኛ የሆነው ሄኖክ በመላእክት እየተመራ የሰማይን በሮች ያያል፤ የፀሐይንና የጨረቃን መንገድ ይለካል፤ የዓለምን ታሪክ ከራሱ ዘመን እስከ ፍጻሜ በአሥር ሱባዔ ከፍሎ ይተርካል። የተጻፈው ከማናቸውም የጊዜ መኪና ሁለት ሺህ ዓመት ያህል ቀድሞ ነው። ይህ መጽሐፍ ከአውሮፓ ሊቃውንት ጠፍቶ ስሙንና ጥቂት ቁርጥራጩን ብቻ ነበር የሚያውቁት። በሙሉው የቆየው በግዕዝ ብቻ ነው። ስኮትላንዳዊው ጄምስ ብሩስ በፈረንጆች 1770 ጎንደር ገብቶ፣ የዓባይን ምንጭ አይቶ ሲመለስ የሄኖክን ቅጂዎች ይዞ ሄደ። የመጀመሪያው የእንግሊዝኛ ትርጉም በ1821 ኦክስፎርድ ላይ ወጣ። ብሩስ በአገሩ ስለ ሐበሻ ያወራውን ብዙ ሰው ውሸት ነው ብሎ ሲስቅበት ኖሯል፤ ይዞት የመጣው ብራና ግን አልዋሸም።

ሄኖክስ ወዴት ሄደ? እዚህ ላይ ማኅበሩ ራሱ የሚፈራው ሌላ ማኅበር ይመጣል። ሄኖክና ኤልያስ ሞትን ሳይቀምሱ በብሔረ ሕያዋን እንዳሉ አባቶች ያስተምራሉ። በየገዳማቱ ዙሪያም ስውራን አሉ ይባላል። ለዓይን አይታዩም፤ ዕጣናቸው ብቻ ይሸታል፣ በሌሊት ማኅሌታቸው ይሰማል። ዋልድባ ብትሄዱ፣ ጣና ደሴቶች ብትሻገሩ፣ ጉና ሥር ካሉ ሽማግሌዎች ጋር ብታመሹ የሚነግራችሁ አታጡም። አንድ አባት ለብዙ ዘመን ታይተው አንድ ቀን ተሰወሩ፤ አልሞቱም፣ መቃብር የላቸውም ይሏችኋል። እውነት ነው አይደለም የሚለውን ለእምነታችሁ ልተወው። እኔን የሚገርመኝ የአገሬው እርጋታ ነው። ፈረንጅ ዘመን ተሻጋሪ ሲፈልግ ላቦራቶሪ ይሠራል፤ የእኛ ገበሬ ግን «እነሱማ አሉ» ብሎ ጥማዱን ይነዳል።

በረካው ተቀድቷልና የመጨረሻውን ልበል። የፊልሞቹ ማኅበር ጠላቱ ምስጢሩን ሊሰርቅ የሚመጣ ነው። የእኛውን ማኅበር ግን የሚሰርቀው አልተገኘም፤ ምስጢሩ ሁሉ በአደባባይ ነው፤ ማንም ልጅ የፈለገ እንደሆነ ይማረዋል። የጎዳው ሌላ ነገር ነው። የሚገባበት ልጅ እየሳሳ ነው። ድሮ ደጁ ሁሉ ለተማሪ ክፍት ነበር፤ ዛሬ ከተማው በግንብና በብረት በር ታጠረ፤ «በእንተ ስማ ለማርያም» የሚለው ድምፅ ከበሩ ውጭ ይቀራል። ገጠሩም ኑሮ ከብዶት ቁራሹ እየጠበበ ነው። የኔታዎቹም ያረጃሉ። አንድ የኔታ ሳያስመሰክሩት ከሞቱ ከአፋቸው ጋር የሚቀበረውን ዜማ መልሶ የሚያመጣ መኪና ፈረንጅም አልሠራ፤ እኛም የለን።

ስለዚህ የምለምናችሁ ሦስት ነገር ነው። ደጃችሁ የቆመ የቆሎ ተማሪ ካለ ውሻችሁን ያዙና ቁራሽ ስጡት፤ የትኛው ጉባኤ ላይ እንደሆነም ጠይቁት፣ ሲነግራችሁ ደስ ይለዋል። ደብረ ታቦር ወይም ጋይንት ዘመድ ልትጠይቁ ከሄዳችሁ አንድ ቀን ጨምሩና የኔታን አግኙ፤ ፈቅደው ከሆነ በስልካችሁ ዜማቸውን፣ ትረካቸውን ቅዱ፤ ቅጂውንም ለደቀ መዛሙርታቸው አስቀምጡ። ልጆቻችሁንም የዚህን ዓመት ፋሲካ ከካላንደር ሳያዩ በጣታቸው እንዲያወጡት አስተምሯቸው። ስሌቱ ከላይ አለላችሁ።